የፈረሰ የመሬት ሽያጭ፦ መቼ የፍትሐ ብሔር፣ መቼ የወንጀል ጉዳይ ይሆናል?

በየካ ክፍለ ከተማ ከፈረንሳይ ለጋሲዮን ሽቅብ እስከ እንጦጦ ተራራ ግርጌ፣ እንዲሁም በኮተቤ ዳርቻ፣ ከተማዋ ወደ እርሻና ደን መሬት እየተጠጋች በሄደች ቁጥር በደላላ አማካይነት የሚፈጸም የመሬት ሽያጭ አብሯት ሲጓዝ ቆይቷል። ሽያጩ ሲፈርስ ገንዘቡን የከፈለው ሰው የፖሊስ ጣቢያን ወይም የወረዳ ጽሕፈት ቤትን በር ያንኳኳል። አቤቱታውን የሚቀበለው ሠራተኛም ለሁለት ስህተቶች ይጋለጣል። አንደኛው ባለዕዳን እንደ ወንጀለኛ ማሰር ሲሆን፣ ሁለተኛው አታላይን «ጉዳዩ የፍትሐ ብሔር ነው» በሚል ሰበብ ማሳለፍ ነው።

እንደሚታወቀው የከተማ ቦታ በ1967 ዓ.ም በወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የመንግሥት ሆኗል። የኢፌዴሪ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3ም መሬት እንደማይሸጥና እንደማይለወጥ ይደነግጋል። ዜጎች መሸጥ የሚችሉት በመሬቱ ላይ የገነቡትን ቤትና ያፈሩትን ቋሚ ንብረት ነው። በሊዝ የተያዘ መብትም የሚተላለፈው የሊዝ ሕጉ ባስቀመጠው ሁኔታ ብቻ ነው። በመሆኑም ባዶ መሬት ለመሸጥ የተፈረመ ውል ሕገ ወጥ ጉዳይን የያዘ በመሆኑ ሊጸና አይችልም።

የቤት ሽያጭን በተመለከተ ደግሞ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1723 ውሉ በጽሑፍ እንዲሆንና ሥልጣን ባለው አካል ፊት እንዲመዘገብ ያዝዛል። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎትም በ1999 ዓ.ም በመዝገብ ቁጥር 21448 በሰጠው ውሳኔ ይህንኑ መስፈርት አጽንቷል። ውል ሲፈርስ መሠረታዊው መፍትሔ በቁጥር 1815 መሠረት ተዋዋዮቹን ወደነበሩበት መመለስ ነው።

ለምሳሌ በስሙ ካርታ ያለው የቤት ባለቤት ቀብድ ከተቀበለ በኋላ የተሻለ ዋጋ አግኝቶ ሐሳቡን ቢለውጥ፣ ወይም ስም ለማዛወር ቢዘገይ፣ ጉዳዩ በመርህ ደረጃ የፍትሐ ብሔር ነው። ውሉ የጸና ከሆነም ቀብድ ተቀባዩ እጥፍ አድርጎ እንዲመልስ ሕጉ ያስገድዳል። ገንዘቡን ለመመለስ አቅም ማጣቱ ብቻውን ወንጀል አይሆንም። ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም የተቀበለችው ዓለም አቀፍ የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን አንቀጽ 11ም ማንም ሰው የውል ግዴታውን መወጣት ባለመቻሉ ብቻ እንዳይታሰር ይከለክላል።

በሌላ በኩል የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 692 ተገቢ ያልሆነ ብልጽግና ለማግኘት በማሰብ በሐሰት ቃል፣ ማንነትን በማሳሳት ወይም መግለጽ የሚገባን ነገር በመደበቅ ሌላውን ሰው ንብረቱን የሚጎዳ ድርጊት እንዲፈጽም ያደረገን ሰው በቀላል እስራት፣ እንደ ሁኔታውም እስከ አምስት ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራትና በገንዘብ መቀጮ ይቀጣል። የእንጦጦን የደን ክልል «የአባቴ ይዞታ ነው» ብሎ ገንዘብ የተቀበለ፣ ወይም አስቀድሞ የሸጠውን ቤት ይህንኑ ደብቆ ለሌላ የሸጠ ሰው በዚህ ድንጋጌ ሊጠየቅ ይችላል። ሐሰተኛ ካርታ ከቀረበ ደግሞ በሰነድ ማጭበርበር ወንጀል ተጨማሪ ክስ ሊከተል ይችላል። ሆኖም መሬቱ የደን ክልል መሆኑን እያወቀ የገዛ ሰው «ተታለልሁ» ለማለት ይቸገራል።

ስለሆነም ዋነኛው መለያ ሻጩ ገንዘቡን በተቀበለበት ዕለት የነበረው ሐሳብ ነው። የማታለል ሐሳቡ ያኔ ከነበረ የተፈረመ ውል መኖሩ ወንጀሉን አያስቀረውም። ሐሳቡ ያኔ ካልነበረ ደግሞ በኋላ የመጣው እምቢታ ውልን ወደ ወንጀል አይለውጠውም።

አቤቱታ የሚቀበሉ አካላትም በውሉ ዕለት የይዞታው ባለመብት ማን እንደነበር ከማኅደር ማረጋገጥ፣ ሻጩ ምን እንደተናገረና ምን እንደደበቀ መለየት፣ የገንዘቡንም መንገድ ከባንክ ሰነድ መከታተል ይጠበቅባቸዋል። ወንጀሉ ከተረጋገጠም በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 101 መሠረት ተበዳዩ ካሣ ወይም ገንዘቡ እንዲመለስለት የመጠየቅ መብት ስላለው፣ አንዱ መንገድ ሌላውን አይዘጋውም።

ገዥዎችም ቀብድ ከመክፈላቸው በፊት የይዞታውን ማኅደር በሚመለከተው ጽሕፈት ቤት ማጣራትና ውሉን በሰነዶች ማረጋገጫና ምዝገባ ፊት መፈረም፣ ከሁለቱም ችሎቶች ደጅ ከመጥናት ያድናቸዋል።