ከግብፅ እስከ አክሱም፦ የፕሮፌሰር ዣን ሌክላን ሕይወትና ለእኛ ያለው ትምህርት

ከደሴ ተነሥተው በውርጌሳና በመርሳ በኩል ወልድያ የሚደርሱ ምእመናን ወደ ላስታ ቅዱሳት መካናት ይወጣሉ። ከእነዚህ አንዱ በሆነው በይምርሐነ ክርስቶስ ዋሻ ውስጥ ከግብፅ የመጡ ክርስቲያኖች ዐፅም እንደሚገኝ አባቶች ይናገራሉ። የሁለቱ ሀገራት ግንኙነት ግን ከክርስትና በፊትም የነበረ ነው፤ ምስክሩም በመሬት ውስጥ ይገኛል። ይህን ምስክር ከመረመሩ ሊቃውንት አንዱ ፈረንሳዊው የጥንታዊት ግብፅ ተመራማሪ ፕሮፌሰር ዣን ሌክላን ናቸው።

ሌክላን እ.ኤ.አ. በ1920 በፓሪስ ተወለዱ። በካርናክ በተካሄደው ቁፋሮ ተሳትፈዋል፤ ከኩሽ ተነሥተው ግብፅን ስለ ገዙት የ25ኛው ሥርወ መንግሥት ነገሥታትም በስፋት ጽፈዋል። ነቢዩ ኢሳይያስ የኢትዮጵያ ንጉሥ ብሎ የሚጠራው ቲርሐቅ ከእነዚሁ ነገሥታት አንዱ ነው (ኢሳ. 37፥9)።

እ.ኤ.አ. በ1952 ወደ ሀገራችን መጥተው በዐፄ ኃይለ ሥላሴ መንግሥት የተቋቋመውን የአርኪዮሎጂ ክፍል ሥራ ካስጀመሩት አንዱ ሆኑ። በአክሱም ቆፈሩ፤ እ.ኤ.አ. በ1955 እና በ1956 ደግሞ ከአክሱም አቅራቢያ ባለው መላዞ የአልመቃህን ጣዖት ቤት ከአፈር አወጡ። ጥቂት ቆይቶ በዚያው አካባቢ፣ ሐውልቲ በተባለው ስፍራ፣ ሌሎች ተመራማሪዎች ሲቆፍሩ ከግብፅ የመጡ ትናንሽ ክታቦች ተገኙ።

ክታቦቹ በገበያ ተሸጠው ቢሆን ኖሮ ጌጥ ከመሆን አያልፉም ነበር። የተገኙበት ስፍራና አብረዋቸው የነበሩት ዕቃዎች በመታወቃቸው ግን፣ ከክርስትና በፊት የግብፅ ዕቃ እስከ አክሱም ምድር ይደርስ እንደነበር መሰከሩ። በአርኪዮሎጂ የዕቃው ግማሽ ዋጋ ያለው በተገኘበት ቦታ ነው።

ሌክላን ኋላም በሳቃራ ከሥራ ባልደረቦቻቸው ጋር በፒራሚዶች ውስጥ ወዳድቀው የነበሩ በሺህ የሚቆጠሩ የድንጋይ ስብርባሪዎችን እየገጣጠሙ ጥንታዊ ጽሑፎችን መልሰዋል። አንዲት ቁራጭ ብትጠፋ አንድ ቃል ይጎድል ነበር። በታላላቅ የፈረንሳይ የትምህርት ተቋማት ሲያስተምሩ ኖረው እ.ኤ.አ. በ2011 ዐረፉ።

ይህ ታሪክ በሐብሩም ሆነ በሌላው የሀገራችን ክፍል ላሉ አጥቢያዎች የሚናገረው አለ። አሮጌው ቤተ ክርስቲያን ፈርሶ አዲስ ሲታነጽ፣ መሠረት ሲቆፈር፣ መቃብር ሲማስ የተጠረበ ድንጋይ፣ ሸክላ ወይም ጥንታዊ ሳንቲም ሊወጣ ይችላል። ድንጋዩን ለግንብ መጠቀም ወይም ሳንቲሙን መሸጥ ሊመለስ የማይችል ገጽ መቅደድ ነው። ስለዚህ ሥራውን ገታ አድርጎ፣ ዕቃውን ሳያንቀሳቅሱ ፎቶ አንሥቶ፣ ለሰበካ ጉባኤና ለወረዳው ባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ማሳወቅ ይገባል። የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992ም በአጋጣሚ የተገኘ ቅርስ እንዲገለጥ ያዝዛል። አባቶቻችን ብራናውን በመከራ ዘመን ሸሽገው አቆይተውልናል፤ እኛም በመሬት ውስጥ ያለውን ሳናበላሽ ለልጆቻችን ልናስተላልፍ ይገባናል።