ሳንኮፋ ያለ አከፋፋይ

ራሱን የቻለ የፊልም ፕሮዲውሰር በስቱዲዮ ወይም በመንግሥት ድርጅት ሥር ሳይሆን፣ በራሱ ኃላፊነት ገንዘብ አፈላልጎ፣ ባለሙያ ቀጥሮ ፊልሙን ለተመልካች የሚያደርስ ሰው ነው። ዳይሬክተሩ ስለ ትዕይንቱ ሲጨነቅ እሱ ስለ ካሜራው ኪራይ፣ ስለ ሠራተኛው ምሳና ስለ መኪናው ነዳጅ ያስባል። ገንዘቡ ቢያልቅ ዕዳው የእሱ ነው፤ በሌላ በኩል ፊልሙ የማን እንደሚሆን የሚወስነውም እሱ ነው።

በዚህ ሙያ ከኢትዮጵያውያን ሁሉ ርቀው የሄዱት ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር ተወለዱ (የሕይወታቸውና የፊልሞቹ ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። አባታቸው ተውኔት ይጽፉ ነበር። ኃይሌ በ1967 ቲያትር ለመማር ቺካጎ ሄዱ፤ ኋላም በሎስ አንጀለስ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም አጠኑ። ገና ተማሪ ሳሉ፣ የንጉሡ መንግሥት ሊወድቅ በተቃረበበት በ1974፣ ወደ አገር ቤት መጥተው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በሁለት ሳምንት ቀረጹ። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው። ገንዘብም ጊዜም ባልነበረበት የተሠራ መሆኑን የሚያውቅ ሰው ጥንካሬውን ይበልጥ ያደንቃል።

የፕሮዲውሰርነት ትልቁ ፈተና ግን «ሳንኮፋ» ነበር። ስለ ባሪያ ፍንገላ የሚተርከው ይህ ፊልም ገንዘቡ እስኪሟላ ብዙ ዓመታት ፈጅቶ በ1993 ለበርሊን ፌስቲቫል ውድድር ቀረበ። የአሜሪካ አከፋፋዮች ግን አልወሰዱትም። ኃይሌና የሥራም የትዳርም አጋራቸው ሺሪኪያና አይና በዋሽንግተን ሲኒማ ቤት ተከራይተው ራሳቸው አሳዩት፤ ተመልካቹ ወሬውን እየተቀባበለ መጣ፤ ከዚያም በየከተማው ያሉ የጥቁር ማኅበረሰብ አባላት እያስተባበሩ ፊልሙ አሜሪካን ዞረ። መብቱ ከእጃቸው ስላልወጣ፣ በ2021 ታድሶ በኔትፍሊክስ ቀረበ። ቀጣዩ ትልቅ ሥራቸው «ጤዛ» በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፣ በተከታዩ ዓመት ደግሞ የዋጋዱጉውን የፌስፓኮ ፌስቲቫል ታላቅ ሽልማት አግኝቷል።

ሌላም መንገድ አለ። ምሕረት ማንደፍሮ ፕሮዲውስ ያደረገችው፣ ዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ የመራው ፊልም «ድፍረት» አንጀሊና ጆሊን በኤግዚኪዩቲቭ ፕሮዲውሰርነት ይዞ ወጣ። በ2014 በሰንዳንስ ፌስቲቫል የተመልካቾችን ሽልማት ወሰደ፤ የታወቀ ስምም የውጭ አከፋፋዮችን በር አስከፈተለት። አዲስ አበባ ላይ ደግሞ ፊልም ሠሪው ቴዎድሮስ ተሾመ ሴባስቶፖል ሲኒማን ከፍቶ ማሳያውንም የራሱ አድርጓል።

ጉቴ ወይም ነቀምቴ ሆኖ በአፋን ኦሮሞ ፊልም ለሚሠራ ወጣት ከሦስቱ ይበልጥ የሚቀርበው የሳንኮፋው መንገድ ነው። ሂሳቡም ቀላል ነው። በተለመደው አሠራር ከትኬቱ ገንዘብ ሲኒማ ቤቱና አከፋፋዩ ድርሻቸውን ካነሱ በኋላ የተረፈው ለፕሮዲውሰሩ ይደርሳል። አዳራሹን የተከራየ እንደሆነ ግን ኪራዩ ቁርጥ ነው። ለምሳሌ አዳራሹ 20 ሺህ ብር፣ ትኬቱ 100 ብር ቢሆን፣ የመጀመሪያዎቹ 200 ተመልካቾች ኪራዩን ይሸፍናሉ፤ ከዚያ በኋላ የሚገባው፣ ግብርና የማስታወቂያ ወጪ ሲቀነስ፣ የፕሮዲውሰሩ ነው። 200 ሰው ካልመጣ ጉድለቱ ከኪሱ ይወጣል። ስለዚህ ፖስተር መለጠፉና በገበያ ቀን በድምፅ ማጉያ መቀስቀሱ ከቀረጻው ያላነሰ ሥራ ነው። ዩቲዩብ ላይ መልቀቅ መልካም ነው፤ ነገር ግን ፊልሙ በነፃ ከወጣ በኋላ ትኬት ቆርጦ የሚገባ ሰው ጥቂት ስለሚሆን፣ አዳራሹ ይቅደም።

ብዙዎች የሚጎዱት በውል ጉዳይ ነው። ጓደኛ ጻፈው፣ ዘመድ ተወነው፣ ሌላው ካሜራ አዋሰ እየተባለ በቃል የተጀመረ ሥራ ገንዘብ ማምጣት ሲጀምር ባለቤቱ ይበዛል። በኢትዮጵያ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለፊልም ሥራም ጥበቃ ይሰጣል፤ ክርክር ሲነሳ ግን ወረቀት የያዘ ይሻላል። ፊልም ለመሥራት የተነሳ ሁሉ ከጸሐፊው፣ ከዳይሬክተሩና ከተዋናዮቹ ጋር ካሜራው ሳይነሳ በፊት በጽሑፍ ይዋዋል።