ስማቸው ያልተጻፈ ሙታን፦ ከናንጂንግ እስከ ጎጌቲ

እ.ኤ.አ. 1937 ለሁለት ሩቅ ለሩቅ ላሉ ከተሞች የእልቂት ዓመት ነበር። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም በኢጣሊያው እንደራሴ በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከወረወሩ በኋላ የኢጣሊያ ወታደሮችና ጥቁር ሸሚዝ ለባሾች የአዲስ አበባን ሕዝብ ሦስት ቀን ሙሉ ሲገድሉና ቤቱን ሲያቃጥሉ ሰነበቱ። ዓመቱ ሳያልቅ፣ ታኅሣሥ 4 ቀን 1930 ዓ.ም.፣ የጃፓን ጦር የቻይና ዋና ከተማ የነበረችውን ናንጂንግን ያዘ። በዚያም ግድያው፣ ዘረፋውና የሴቶች መደፈር ስድስት ሳምንት ያህል ቀጠለ። የሁለቱ ከተሞች ሕዝብ አይተዋወቅም፤ ወራሪዎቹ ግን ይተዋወቁ ነበር። ጃፓን ኢጣሊያ ኢትዮጵያን መያዟን እ.ኤ.አ. በ1936 መገባደጃ ስታጸድቅላት፣ ኢጣሊያም በማግስቱ ዓመት ጃፓን በማንቹሪያ ያቋቋመችውን አሻንጉሊት መንግሥት በይፋ ተቀበለች። የኢጣሊያን ወረራ አንቀበልም ካሉት ጥቂት አገሮች አንዷ ቻይና ነበረች። ስለዚህ የቻይናና የጃፓን ጦርነቶች ያስከፈሉት የሰው ሕይወት ለሆሳዕና፣ ለዱራሜና ለሾኔ አንባቢ የባዕድ አገር ወሬ ብቻ አይደለም። በእኛም ላይ የደረሰውን ለመመዘን ያግዘናል። ከሁለቱ አገሮች ታሪክ የምንማረው ዋና ነገርም ይህ ነው፦ ከጦርነት ዋጋ ትልቁ ድርሻ የሚከፈለው ከጦር ሜዳ ውጭ ነው፤ ከፋዮቹም በማንም መዝገብ ላይ ስማቸው ያልሰፈረ ሰዎች ናቸው።

ማስረጃው ከመጀመሪያው የቻይናና የጃፓን ጦርነት ይጀምራል። እ.ኤ.አ. ከ1894 እስከ 1895 በተደረገው በዚያ ጦርነት ጃፓን በቀላሉ አሸነፈች ይባላል። ሆኖም ከሞቱባት 13 ሺህ ያህል ወታደሮች ከአሥሩ ዘጠኙን የገደላቸው በሽታ እንጂ የጠላት ጥይት አልነበረም። በሁለተኛው ጦርነት፣ እ.ኤ.አ. ከ1937 እስከ 1945፣ ይህ እውነት በሚሊዮኖች ተባዛ። የታሪክ ምሁራን በቻይና በኩል የሞተውን ሰው ከ14 እስከ 20 ሚሊዮን ይገምቱታል፤ አብዛኛው ጠመንጃ ያልያዘ ሰላማዊ ሰው ነው። ከነዚህም ውስጥ ብዙዎቹ የሞቱት ተኩስ በማይሰማበት ስፍራ ነበር። እ.ኤ.አ. በሰኔ 1938 የቻይና መንግሥት ራሱ የጃፓንን ግሥጋሴ ለመግታት ሲል የቢጫ ወንዝን ግድብ ሁዋዩዋንኮው በተባለ ቦታ አፈረሰ። ጎርፉ በመቶ ሺዎች የሚቆጠር የገዛ ወገኑን ሕይወት ቀጠፈ፤ ሚሊዮኖችንም ከቀያቸው አፈናቀለ። ከአራት ዓመት በኋላ በሄናን ክፍለ አገር ድርቅ፣ የጦር ቀለብ ግብርና የመንገድ መዘጋት ተደምረው ባመጡት ረሃብ ከ2 እስከ 3 ሚሊዮን ሰው አለቀ። ለነዚህ ሰዎች ሜዳይ የሰጠ የለም፤ የሞታቸውን ቀን የመዘገበም እምብዛም አልነበረም።

የእኛም ሒሳብ ከዚህ አይለይም። ከድል በኋላ የኢትዮጵያ መንግሥት ለሰላም ጉባኤ ባቀረበው ሰነድ በወረራውና በአምስቱ ዓመት የሞተው ሰው 760,300 ነው ተብሏል። ቁጥሩን ብዙዎች በቃላቸው ያውቁታል፤ ዝርዝሩን የሚያውቀው ግን ጥቂት ነው። 275,000 በውጊያ የወደቁ፣ 78,500 በአርበኝነት የተሰዉ፣ 17,800 በአውሮፕላን ድብደባ ያለቁ ሴቶች፣ ሕፃናትና ሌሎች፣ 30,000 በየካቲት 12 የተጨፈጨፉ፣ 35,000 በማጎሪያ ካምፕ የሞቱ፣ 24,000 በፈጣን ችሎት ተፈርዶባቸው የተገደሉ ናቸው። ከሁሉም የሚበልጠው ግን የመጨረሻው ነው፦ 300,000 ሰዎች መንደራቸው ወድሞ በችግርና በእጦት አለቁ። በጦር ሜዳ የወደቁትንና አርበኞቹን ለይተን የቀረውን ስንደምር 406,800 ይሆናል፤ ይህም ከጠቅላላው ከግማሽ በላይ ነው። መንግሥት ካሳ ለመጠየቅ ባዘጋጀው በዚህ ሰነድ እንኳ ጦር ሜዳ ከዋጋው ግማሹን አልያዘም ማለት ነው።

ይህን ወደ ሐዲያና ከምባታ ምድር ስናመጣው ትርጉሙ ይበልጥ ይገለጣል። ከከምባታ የተመለመለ ጦር ወደ ሰሜን ግንባር ዘምቷል። የአዲስ አበባ ጭፍጨፋ በተፈጸመበት በዚያው በየካቲት 1929 ዓ.ም. ደግሞ ጦርነቱ ወደዚሁ አካባቢ ደጃፍ መጣ። በጎጌቲ በተደረገው ውጊያ ደጃዝማች ገብረ ማርያም ጋሪ ወደቁ፤ ደጃዝማች በየነ መርዕድም ተገደሉ። ከጥቂት ቀን በኋላ፣ የካቲት 17 ቀን፣ ራስ ደስታ ዳምጠው በቡታጅራ አካባቢ ተይዘው ተረሸኑ። ዛሬ ከአዲስ አበባ በቡታጅራ በኩል ወደ ሆሳዕና የሚጓዝ መንገደኛ በዚህ ታሪክ መሐል ያልፋል። የሦስቱን መኳንንት ስም ታሪክ በክብር ይዞታል፤ ይገባቸዋልም። ስንቅ ተሸክሞ የተከተላቸው ገባር፣ ባሏ ያልተመለሰላት የከምባታ ሴት፣ ጦር ባለፈበት መንገድ ዳር ጎተራው የተራቆተ የሐዲያ ገበሬ ግን የት ተጻፉ? የአካባቢው ሕይወት በእንሰት ላይ የቆመ መሆኑም መታሰብ አለበት። እንሰት ለቆጮ እስኪደርስ ብዙ ዓመት ይፈልጋል። እህል የተቃጠለበት ገበሬ በሚቀጥለው ክረምት ሊዘራ ይችላል፤ እንሰቱ የተጨፈጨፈበት ቤተሰብ ግን የብዙ ዓመት ምግቡን በአንድ ቀን ያጣል። ጦርነት ከጦር ሜዳ ርቆ፣ ተኩሱም ከቆመ በኋላ እንዴት እንደሚገድል ከዚህ የበለጠ የሚያስረዳ የለም።

የጦርነት ዋጋ የዘመን ድንበሩም እንደ ቦታው ሰፊ ነው። ኢጣሊያ በኢትዮጵያውያን ላይ ያዘነበችው የሰናፍጭ ጋዝ በቻይናም በጃፓን ጦር እጅ ነበር። ጃፓን ስትሸነፍ በየስፍራው ቀብራው የሄደችው መርዝ እስከ ዛሬ ተለቅሞ አላለቀም። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2003፣ ጦርነቱ ካበቃ 58 ዓመት በኋላ፣ በቺቺሃር ከተማ የግንባታ ሠራተኞች ከመሬት ያወጧቸው በርሜሎች አንድ ሰው ገድለው ከ40 በላይ ሰዎችን አቁስለዋል። በሐርቢን አቅራቢያ የነበረው የጃፓን ጦር ክፍል 731 ቢያንስ 3,000 ሰዎችን በሕይወት ሳሉ ለበሽታ መሞከሪያ አድርጎ ገድሏል። አዛዡ ሺሮ ኢሺ ግን የምርምሩን ውጤት ለአሜሪካ በመስጠቱ ለፍርድ ሳይቀርብ በቤቱ ኖሮ ሞተ። የእኛም ገዳዮች ዕጣ ተመሳሳይ ነበር። የኢጣሊያ ጦር አዛዦች የነበሩት ባዶሊዮና ግራዚያኒ በተባበሩት መንግሥታት የጦር ወንጀል ኮሚሽን መዝገብ ላይ ቢሰፍሩም በኢትዮጵያ ላይ ለፈጸሙት ወንጀል ለፍርድ አልቀረቡም። የኢጣሊያ ጦር የመርዝ ጋዝ መጠቀሙን የአገሪቱ መከላከያ ሚኒስቴር በይፋ ያመነው እ.ኤ.አ. በ1996 ነው። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም ይባላል። የተወጋውም ቢሆን ካልጻፈው፣ የልጅ ልጁ መርሳቱ አይቀርም።

ሙታንን እንቁጠር፣ እንጻፍ ሲባል የሚነሳው የመጀመሪያ ተቃውሞ ቁጥሩ የማይታመን ነው የሚለው ነው። ተቃውሞው መሠረት የለውም ማለት አይቻልም። በናንጂንግ የተገደሉት ቻይና እንደምትለው 300,000፣ የቶኪዮው ችሎት እንዳለው ከ200,000 በላይ ናቸው፤ ከዚህ በእጅጉ ያነሰ ግምት የሚሰጡ ተመራማሪዎችም አሉ። ለየካቲት 12ም የእኛ መንግሥት 30,000 ሲል ጭፍጨፋውን ለብዙ ዓመት ያጠናው ኢያን ካምቤል ወደ 19 ሺህ ይገምታል። ካሳ የሚጠይቅ መንግሥት ቁጥር ሊያበዛ ይችላል፤ የገደለም መንግሥት ያሳንሳል። ነገር ግን የዚህ መድኃኒቱ መቁጠርን መተው አይደለም፤ ወደ ቦታው ሄዶ በጥንቃቄ መቁጠር ነው። የደብረ ሊባኖስ ገዳም ታሪክ ይህን በግልጽ ያሳያል። በግንቦት 1929 ዓ.ም. ስለተረሸኑት መነኮሳትና ዲያቆናት ግራዚያኒ ወደ ሮም የላካቸው ቴሌግራሞች የሚናገሩት ስለ ጥቂት መቶዎች ነበር። ከሃምሳ ዓመት በላይ ካለፈ በኋላ ኢያን ካምቤልና ደግፌ ገብረ ጻድቅ ግድያው ወደተፈጸመባቸው ወደ ላጋ ወልዴና ወደ እንግጫ ሄደው፣ በልጅነታቸው ያዩትን ገበሬዎች ጠይቀው፣ የተለያዩ ምስክሮችን ቃል አስተያይተው የሟቾቹ ቁጥር ከ1,423 እስከ 2,033 እንደሚደርስ ደመደሙ። ገዳዩ የደበቀውን የገለጠው የመንደር ሰው ትዝታ ነው። ትዝታው የሚሰማ ጆሮ ባያገኝ ኖሮ ግን ከባለቤቶቹ ጋር ይቀበር ነበር።

ከቁጥር ይልቅ የሚጸናው ስም ነው። በናንጂንግ መታሰቢያ አዳራሽ ግድግዳ ላይ ከ10 ሺህ በላይ የሟቾች ስም ተቀርጿል። ከሚባለው 300,000 ጋር ሲተያይ ትንሽ ቢመስልም፣ እያንዳንዱን ስም ማንም ሊክደው አይችልም። እኛም ስንፈልግ እንችላለን። ከ1943 ዓ.ም. ጀምሮ ወደ ኮሪያ ከዘመቱት የቃኘው ሻለቆች የወደቁት ከ120 በላይ ወታደሮች በስም ይታወቃሉ፤ አዲስ አበባም ኮሪያም መታሰቢያ አላቸው። ለምን? ሲሄዱ በዝርዝር ስለተመዘገቡ ነው። በባሕር ማዶ የወደቀውን በስም እያወቅን በገዛ ቀዬው የወደቀውን ግን በጅምላ ቁጥር ብቻ ማስታወሳችን ሊያሳስበን ይገባል።

ሁለተኛው ተቃውሞ፣ የድሮ ቁስል መነካካት ቂም ይቀሰቅሳል የሚለው ነው። ስጋቱ በተለይ ብዙ ሕዝቦች ጎን ለጎን በሚኖሩበት አገር በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። መልሱ ያለው ግን በአቆጣጠሩ ላይ ነው። የጠላትን በደል ብቻ የሚቆጥር ቂም ያጠራቅማል፤ ሁሉንም የሚቆጥር ግን እውነትን ይይዛል። ቻይናዊ የናንጂንግን ሙታን ሲቆጥር የገዛ መንግሥቱ በቢጫ ወንዝ ጎርፍ የፈጃቸውንም መቁጠር አለበት። እ.ኤ.አ. በ1945 በማንቹሪያ ጦራቸው ጥሏቸው ሸሽቶ በረሃብና በብርድ ያለቁት የጃፓን ሰፋሪዎች፣ አብዛኞቹ ሴቶችና ሕፃናት፣ እነርሱም የዚያው ጦርነት ዋጋ ናቸው። እኛም ኢጣሊያ ከመግባቷ በፊት በሚያዝያ 1928 ዓ.ም. መጨረሻ አዲስ አበባን የዘረፈውና ወገኑን የገደለው የራሳችን ሰው እንደነበር፣ በደቡቡም አገር ገባሩ ከወረራው በፊት ብዙ ግፍ ተሸክሞ እንደነበር መሸፈን የለብንም። በ1924 ዓ.ም. ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ጃፓንን ጎብኝተው በአድናቆት ጽፈውላታል፤ የ1923ቱ ሕገ መንግሥታችንም የጃፓንን ሕገ መንግሥት አርአያ ያደረገ ነበር። ለእኛ ምሳሌ የነበረች አገር ለጎረቤቷ ገዳይ ሆነች። ከዚህ የምንማረው የትኛውም ሕዝብ በተፈጥሮው ንጹሕ ወይም ክፉ እንዳልሆነ ነው፤ እንዲህ ያለው ትምህርት ደግሞ ቂምን አይወልድም።

ሦስተኛው ተቃውሞ የአርበኞችን ክብር ይመለከታል። ኪሳራን ብቻ መቁጠር ነፃነትን ያስገኘውን ተጋድሎ ያሳንሳል የሚሉ አሉ። አገሩን የተወረረ ሕዝብ መዋጋቱ ትክክል ነበር፤ ቻይናም ኢትዮጵያም እጅ ባለመስጠታቸው ሊመሰገኑ ይገባል። ነገር ግን ነፃነት ምን ያህል እንዳስከፈለ ያላወቀ ትውልድ ዋጋውን አያውቅም፤ ዋጋውን የማያውቅም በቀላሉ ወደ ሌላ ጦርነት ይገባል። ይህ በእኛው ዘመን ታይቷል። ከ1990 እስከ 1992 ዓ.ም. ከኤርትራ ጋር በተደረገው ጦርነት የሞቱት ኢትዮጵያውያን የስም ዝርዝር ለሕዝብ አልወጣም። በ2013 ዓ.ም. በሰሜን ተነሥቶ በጥቅምት 2015 ዓ.ም. በፕሪቶሪያ ስምምነት በቆመው ጦርነት ያለቀውን ሰው ተመራማሪዎች በመቶ ሺዎች ይገምቱታል፤ ከግምታቸውም ትልቅ ድርሻ የሚይዙት በረሃብና በሕክምና እጦት የሞቱት ናቸው። የሄናን ረሃብና የአምስቱ ዓመት 300,000 በሌላ መልክ ተመለሱ ማለት ነው።

ስለዚህ ሥራው መጀመር ያለበት በየአካባቢው ነው። በጎጌቲ ውጊያ ጊዜ ልጆች የነበሩት ዛሬ ከዘጠና ዓመት አልፈዋል፤ የቀሩት ጥቂት ናቸው። የኋለኞቹን ጦርነቶች ያዩ፣ ልጅ የላኩና ያልተመለሰላቸው ግን በየመንደሩ አሉ። የሆሳዕናን ጥንታዊ ስም የያዘው ዋቸሞ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎቹን በሐዲይሳና በከምባትኛ የአዛውንቶችን ቃል እንዲቀዱ ሊያሰማራ ይችላል። የቃለ ሕይወትና የመካነ ኢየሱስ አጥቢያዎች፣ ደብሮችና መስጊዶች የምእመናኖቻቸውን ሙታን ያውቃሉ። ዕድሮች ማን መቼ እንደሞተ፣ ቤተሰቡም ማን እንደሆነ የሚያውቁ ማኅበራት ናቸው። የሚያስፈልገው ትልቅ በጀት አይደለም፦ የሟቹ ስም፣ የአባቱ ስም፣ መንደሩ፣ የት፣ መቼና በምን እንደሞተ፣ ማን እንደመሰከረ። በረሃብ የሞተውም፣ በስደት መንገድ የቀረውም ከተዋጊው እኩል ይጻፍ። አንባቢ ሆይ፣ በቤትህ ከጦርነት ያልተመለሰ ሰው ስም የሚያውቅ አዛውንት ካለ ዛሬውኑ ጠይቀህ ጻፈው።