ካሜራ ያልደረሰበት አድዋ

ከአድዋ ጦርነት የቀረ አንድም ተንቀሳቃሽ ምስል የለም። ከየት ይምጣ? የሉሚዬር ወንድማማቾች ፓሪስ ላይ ትኬት ለቆረጠ ሕዝብ ፊልም ያሳዩት በታኅሣሥ 1888 ዓ.ም. ነው፤ አድዋ ደግሞ የካቲት 23፣ በዚያው ዓመት። ታዲያ ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1999 ያወጡትን የአድዋ ዘጋቢ ፊልም በምን ሞሉት? በራስ አቅም ዘጋቢ ፊልም እንዴት እንደሚሠራ ለምትጠይቁኝ ሁሉ ከዚህ የተሻለ መነሻ የለኝም።

በሥዕል ሞሉት፤ በሽማግሌዎች ትረካ፣ በፉከራና በቀረርቶ፣ በተራሮቹ፣ በራሳቸውም ድምፅ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ የአርበኞችን ታሪክ በ«ጎንደሬ በጋሻው» የጻፉ ሰው ናቸውና ጆሯቸው ገና በልጅነት የተሳለ ነው። ማስረጃ ሲጠፋ የሚያስታውስ ሰው ይፈለጋል ማለት ነው። ፊልም ሠሪዋ ሳሌም መኩሪያም ከቦስተን የቴሌቪዥን ሥራቸው ወጥተው የራሳቸውን ፊልም ሲሠሩ በ«የወንዝ ማዕበል» የተረኩት ቀይ ሽብር የነጠቃቸውን ወንድማቸውንና ጓደኛቸውን ነው።

ይበልጥ የሚደንቀኝ ግን ከቀረጻ በኋላ ያለው ነው። የኃይሌ «ሳንኮፋ» እ.ኤ.አ. በ1993 በርሊን ለውድድር ቀርቦ ሲያበቃ አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍለው ጠፋ። እሳቸው አዳራሽ ተከራዩ! ከዋሽንግተን ጀምረው ከተማ ለከተማ፣ በየቦታው የጥቁር ማኅበረሰብ ሰዎችን አስተባብረው አሳዩት። ከዚያም ዋሽንግተን ውስጥ በፊልሙ ስም የመጻሕፍት መደብርና ካፌ ከፈቱ። በእኔ እምነት የራስ ፊልም የሚባለው ይኼ ነው፤ ካሜራ መግዛትማ የገንዘብ ጉዳይ ነው።

አሁን ከኃይሌ ምሳሌ ወደ እኛው ሥራ፣ ወደ አዲስ አበባ የካ እንምጣ። ከእንጦጦ ኪዳነ ምሕረት ወደ ፈረንሳይ ለጋሲዮን የባሕር ዛፍ እንጨት ተሸክመው የሚወርዱ እናቶችን መቅረጽ የሚመኝ ወጣት ሞልቷል። ለምስሉ ስልክ ይበቃል። የሚያስቸግረው ድምፅ ነው፤ ዳገቱ ላይ ያለው ነፋስ ቃል አያስተርፍም፣ ማይክሮፎኑን ነጠላ ውስጥ ብትሸጉጡት ደግሞ ጨርቁ ይንኮሻኮሻል። ደረት ላይ በፕላስተር ይለጠፍ፣ ግን አስፈቅዳችሁ፤ ባይሆን ራሳቸው ይለጥፉት። ደግሞ በእግዜር፣ ሸክም ጀርባቸው ላይ እያለ ጥያቄ አትጠይቁ። ትንፋሽ የለማ! ሲወርዱ ዝም ብላችሁ ቅረጹ፤ ወሬው እንጨቱ ተሸጦ፣ ሻይ ተይዞ ይሆናል። ፊልሙ ተቆርጦ ሲያልቅም መጀመሪያ የሚያዩት እነሱ ይሁኑ፤ የሰፈር አዳራሽና አንድ ፕሮጀክተር ይበቃል።

ገንዘብ የሚሰጥ ሲገኝ ደግሞ ውሉ ላይ ሁለት ነገር ፈልጉ፦ ያልተቆረጠው ቀረጻ ማን ዘንድ እንደሚቀመጥና ፊልሙን በሀገር ውስጥ የማሳየት መብት የማን እንደሆነ። ሁለቱም ከእጃችሁ የሚወጡ ከሆነ ቅጥር ሠራተኛ ናችሁ። ነውር የለውም፣ ደመወዙ ግን በዚያው ልክ ይሁን።