ለልጆች የሚጽፉ ገጣሚዎች፤ የአይስላንድ ደራሲነት ዳሰሳ

አይስላንዳውያን እንደ እኛው በአባት ስም ይጠራሉ። የቤተሰብ ስም ያላቸው ጥቂቶች ናቸው፤ የስልክ ማውጫቸው እንኳ የሚደረደረው በራስ ስም ነበር። ስለዚህ ቪልቦርግ ዳግብያርትስዶቲርን በአገሯ ወግ ቪልቦርግ ብለን እንጥራት። ይህች ሴት የልጆች ደራሲ፣ ገጣሚ፣ ተርጓሚና መምህርት ነበረች። ሌላ አገር ቢሆን የአራት ሰው ሥራ ይባል ነበር፤ በአይስላንድ ግን ብዙም አያስገርምም።

ቪልቦርግ በ1930 (ዓመታቱም ቀኖቹም ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በምሥራቁ የአገሪቱ ጠረፍ፣ በሴይዲስፍዮርዱር አቅራቢያ በምትገኝ የዓሣ አጥማጆች መንደር ተወለደች። ዛሬ በመንደሩ ሰው አይኖርም። በ1952 ከመምህራን ማሠልጠኛ ተመረቀች፤ ከዚያም በዋና ከተማዋ በሬይኪያቪክ በአንድ የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ከ40 ዓመታት በላይ አስተማረች። የመጀመሪያ የልጆች መጽሐፏ በ1959 ወጣ፤ የመጀመሪያ የግጥም መድበሏ ተከተለው፣ በ1960። በዚያው ዘመን የግራ ዘመሞቹን ጋዜጣ የልጆች ገጽ ታዘጋጅ ነበር። ቀን የምታስተምራቸው ልጆች ማታ የምትጽፍላቸው አንባቢዎች ናቸው ማለት ነው። ስንኞቿ አጫጭርና ያልተኳሉ የሆኑት በዚህ ይመስለኛል፤ ልጅ ፊት ቆሞ ቃል ማባከን አይቻልም።

አገሪቱ ከ400 ሺህ የማይበልጥ ሕዝብ አላት። በዚህ ቋንቋ የሚጽፍ ሰው ከመጽሐፍ ሽያጭ ብቻ እንጀራ አይወጣለትም። መንግሥት ለደራሲዎች በወራት የሚቆጠር ደመወዝ ይሰጣል፤ ማን ስንት ወር አገኘ የሚለው ክርክር በየዓመቱ ጋዜጣ ያሞቃል። የመጽሐፍ ገበያው ደግሞ በገና ሰሞን ላይ የተንጠለጠለ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ከውጭ የሚገባ ዕቃ ሲገደብ ወረቀት ይገኝ ስለነበር፣ መጽሐፍ የገና ስጦታ ሆኖ ቀረ። የአዳዲስ መጻሕፍት ዝርዝር ከ1944 ጀምሮ ይታተማል፣ በየቤቱም ይታደላል። ስጦታው ለልጅም ነውና፣ ለልጆች መጻፍ በዚያ አገር የጎን ሥራ ብቻ አይደለም።

የተርጓሚነቱ ሥር ከዚህም ይርቃል። የ19ኛው መቶ ዓመት ታላቅ ገጣሚ ዮናስ ሃልግሪምሶን ከዴንማርካዊው አንደርሰን ተረት ተነስቶ የራሱን ተረት ጽፏል፤ የሥነ ፈለክ መጽሐፍ ሲተረጉምም ለሳይንሱ አዳዲስ ቃላትን ፈጥሯል። ከእሱ በኋላ የመጣው ገጣሚ ስቴይንግሪሙር ቶርስቴይንሶን የሬይኪያቪክ ዋና ትምህርት ቤት ኃላፊ ሆኖ ሳለ የሚታወሰው አንድ ሺህ አንድ ሌሊትንና የአንደርሰንን ተረቶች በመተርጎሙም ጭምር ነው። የአይስላንድ ልጅ ባግዳድን ያወቃት በገጣሚ አፍ ነው።

ጉዳዩ የሚወሳሰበው ግጥሙ ላይ ነው። ባህላዊው የአይስላንድ ግጥም ቤት መምታት ብቻ አይበቃውም። በመጀመሪያው ስንኝ ውስጥ ሁለት ቃላት በአንድ ድምፅ መጀመር አለባቸው፤ የተከታዩም ስንኝ መነሻ በዚያው ድምፅ መያዝ አለበት። ይህን ሕግ ያልጠበቀ ግጥም ለብዙዎች ግጥም አልነበረም። ከጦርነቱ በኋላ ሕጉን የጣሉ ወጣቶች ሲነሱ፣ በ1955 የኖቤል ተሸላሚ ከሆነው ከሃልዶር ላክስነስ ልቦለድ በተወሰደ ስም «የአቶም ገጣሚዎች» ተብለው ተሾፈባቸው።

በዚህ ጠብ መካከል የቆመው ዮሃነስ ኡር ኮትሉም ነው (1899–1972)። እሱም መምህር ነበር። በ1932 ባሳተመው የልጆች የገና ግጥሞች መጽሐፍ ውስጥ፣ ከተራራ እየወረዱ ቤት ስለሚያውኩ 13 የገና ወንድማማቾች ገጠመ። ቀድሞ ቁጥራቸውም ስማቸውም በየአካባቢው ይለያይ ነበር፤ ከዮሃነስ ወዲህ ግን አገሩ ሁሉ የሚያውቀው እሱ በቆጠራቸው ቅደም ተከተል ነው። የመጀመሪያው ታኅሣሥ 12 ማለዳ ይደርሳል፣ የመጨረሻው በገና ዋዜማ፤ ልጆችም ጫማቸውን መስኮት ላይ አኑረው ስጦታ ይጠብቃሉ። አንዱ ማንኪያ ይልሳል፣ አንዱ የድስት ቅሪት ይጠርጋል፣ አንዱ በር ያጋጫል፣ አንዱ ቋሊማ ይሰርቃል፣ ኋለኛው ሻማ ይለምናል። የድሮው ደሃ ቤት ምን ምን ይጎድለው እንደነበር ከዚህ ዝርዝር ይነበባል። የአንድ ገጣሚ የልጆች መጽሐፍ የአገር ልማድን እንዲህ ያጸናበት ሌላ ምሳሌ ለማግኘት እቸገራለሁ።

ይኸው ሰው በ1948 የውጭ አገር ዘመናዊ ግጥሞችን ያለ ቤት ተርጉሞ፣ ስሙን ደብቆ አሳተመ። በ1955 በራሱ ስም ነፃ ግጥም ይዞ ወጣ። በሌላ አነጋገር፣ ለልጆች በድሮው ሕግ እየገጠመ አዲሱን ስልት በትርጉም ሽፋን ይለማመድ ነበር። ትርጉም ለገጣሚ የልምምድ ሜዳ መሆኑን ከዚህ በላይ የሚያሳይ የለም።

ቪልቦርግ የመጣችው ከዚህ ቀጥሎ ነው፤ ከአዲሶቹ ገጣሚዎች ጋር ከሚጠሩት ጥቂት ሴቶች አንዷ ናት። በ1970 «ቀይ ካልሲዎች» የተባለውን የሴቶች ንቅናቄ ከመሠረቱት መካከልም ነበረች። በዚያ ዘመን ለአዋቂ መጻፍ በአብዛኛው የወንዶች ጓዳ ነበር፤ የልጆች መጽሐፍና ትርጉም ግን ለሴት ክፍት ነበር። እሷ ክፍት በሆነው በር ገብታ ሌላውንም ከውስጥ ከፈተችው ብል ማጋነን አይሆንም። ከተረጎመቻቸው መካከል በጣም የተወደደው የስዊድናዊቷ አስትሪድ ሊንድግሬን ኤሚል ነው፤ ታናሽ እህቱን ባንዲራ መስቀያ ላይ የሰቀለው፣ ራሱን የሾርባ ሳህን ውስጥ የሰነቀረው የገበሬ ልጅ። ባሏ ቶርጌይር ቶርጌይርሶንም ደራሲና ተርጓሚ ነበር፤ የፖሊስን ጭካኔ ጽፎ ቢቀጣ አገሩን ስትራስቡርግ በሚገኘው የአውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤት ከሶ በ1992 የረታ ሰው ነው። በ1996፣ የዮናስ ሃልግሪምሶን ልደት ኅዳር 16 የቋንቋ ቀን ሆኖ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲከበር፣ በዮናስ ስም የተሰየመው ሽልማት ለቪልቦርግ ተሰጠ። በ2021 በ91 ዓመቷ አረፈች።

ቤት መምታቱ ግን አልሞተም፤ ልጆች ዘንድ ተጠለለ። ቶራሪን ኤልድያርን፣ የቀድሞው ፕሬዚዳንት ልጅ፣ ነፃ ግጥም በገነነበት በ1974 ጥብቅ ሕግ ጠብቆ በገጠማቸው ግጥሞች ወጣ፤ በ1978 ደግሞ ዋልት ዲዝኒን በጥንቱ የአይስላንድ የትረካ ግጥም ተሳለቀበት። ከ1990ዎቹ ጀምሮ እህቱ ሲግሩን ሥዕሉን፣ እሱ ግጥሙን እየሠሩ ያወጧቸው የልጆች መጻሕፍት አሉ። የሉዊስ ካሮልን አሊስም የተረጎመው እሱ ነው። ያ መጽሐፍ በቃላት ጨዋታና በቀልድ ግጥም የተሞላ በመሆኑ፣ ግጥም የማይችል ተርጓሚ ያበላሸዋል። ይኸው እጁ በኋላ የሼክስፒርን ማክቤዝና ንጉሥ ሊር ተርጉሟል። ለልጅ በቤት መጫወት ለሼክስፒር ያዘጋጃል ብል የሚቃወመኝ አይኖርም።

የቀሩትን በአጭሩ፦ ጉድሩን ሄልጋዶቲር በ1974 መንታ ወንድማማቾችን ይዛ ብቅ ያለች የልጆች ደራሲ ስትሆን፣ በ1988 የፓርላማው የመጀመሪያዋ ሴት አፈ ጉባኤ ሆናለች። አንድሪ ስናይር ማግናሶን በ1996 ግጥሞቹን በርካሽ ሱፐርማርኬት አስሸጠ፤ በ1999 በጻፈው የልጆች መጽሐፍም የአገሪቱን የሥነ ጽሑፍ ሽልማት አገኘ። ከዚያ በፊት የልጆች መጽሐፍ ያን ሽልማት አግኝቶ አያውቅም ነበር። ጌርዱር ክሪስትኒ ለልጆችም ትጽፋለች፤ በ2010 ያሳተመችው የግጥም መጽሐፍ ደግሞ የጥንቱን የአማልክት ጋብቻ ታሪክ በተገደደችው ሙሽራ አንደበት ይተርካል።

ይህ ሁሉ ሳለ አሳሳቢው ነገር አንባቢው ነው። በ2022 በተካሄደው ፒሳ የተባለ ዓለም አቀፍ የተማሪዎች ምዘና፣ ከአይስላንድ የ15 ዓመት ልጆች 40 በመቶ ያህሉ መሠረታዊውን የንባብ ደረጃ አላሟሉም። የልጆቹ ጆሮ ከስልክና ከቪዲዮ በሚፈስ እንግሊዝኛ ተሞልቷል። መንግሥት ከ2019 ጀምሮ በአገሩ ቋንቋ የሚታተም መጽሐፍን ወጪ ሩብ ለአሳታሚው ይመልሳል። ድጎማው መጽሐፉን መደርደሪያ ላይ ያደርሰዋል፤ ከዚያ ወዲያ ያለው የአስተማሪውና የወላጁ ሥራ ነው። ቪልቦርግና ዮሃነስ ሁለቱም አስተማሪዎች እንደነበሩ ልብ ይሏል።