ስለ ከተማ አውቶቡስና ስለ ካዛንቺስ ሕዝብ

የከተማ ኑሮ የሚጸናው ሕዝቡ ከቤቱ ወደ ሥራው፥ ከሥራውም ወደ ቤቱ ሳይጉላላ ሲመላለስ ነው። ለዚህም በአዲስ አበባ መካከል ያሉት ቂርቆስና ካዛንቺስ ምስክሮች ናቸው። ካዛንቺስ ስሙን ያገኘው በወረራው ዘመን ለመንግሥት ሠራተኞች መኖሪያ ይሠራ ከነበረው የኢጣልያ ድርጅት አጠራር ነው።

ጠላት ከወጣ በኋላ በ1935 ዓ.ም. አንበሳ የተባለው የከተማ አውቶቡስ በጥቂት መኪናዎች ሥራ ጀመረ። በመስከረም 2008 ዓ.ም. ደግሞ በኤሌክትሪክ የሚሄደው ቀላል ባቡር ተከፈተ፤ ርዝመታቸው 34 ኪሎ ሜትር ያህል የሆነው ሁለቱ መስመሮቹም በመስቀል አደባባይና በልደታ መካከል በአንድ ሐዲድ ይሄዳሉ።

በ2017 ዓ.ም. የኮሪደር ልማት ካዛንቺስ ሲደርስ ብዙ ነዋሪዎች ወደ ከተማው ዳርቻ ተዛወሩ። ቤት በአንድ ቀን ይዛወራል፤ ሥራ፥ ገበያና ደብር ግን አብረው አይዛወሩም። ስለዚህ ሕዝቡ በሄደበት አውቶቡሱ ሊከተለው ይገባል። መስመር የሚያወጣ ሹም ጎሕ ሳይቀድ የሚነሣውን የቀን ሠራተኛ፥ ለኪዳን ወደ ቂርቆስ ቤተ ክርስቲያን የሚገሠግሠውንም አረጋዊ አስቀድሞ ያስብ። ሁለት ጊዜ ወርዶ ሦስት ጊዜ የሚከፍል ሰው፥ የእያንዳንዱ ጉዞ ዋጋ ቢያንስም፥ በርካሽ ተሳፈረ አይባልም፤ ደመወዙ በመንገድ ያልቃልና።

ሰፊ ጎዳና ለከተማ ጌጥ ነው፤ በሰዓቱ የሚደርስ አውቶቡስ ግን ለድኻ የዕለት እንጀራው ነው። ጌጡ ከእንጀራው ጋር ቢተባበር ልማቱ የተሟላ ይሆናል።