ዘቢድ፦ በጡብና በወቅፍ የቆመች የዕውቀት ከተማ

የሶሒሕ አል-ቡኻሪን አሕጽሮት «አት-ተጅሪድ አስ-ሶሪሕ»ን የሚያስቀሩ መምህራን የአዘጋጁን ስም በጠሩ ቁጥር የአንዲት ከተማን ስም አብረው ይጠራሉ። አዘጋጁ አሕመድ ኢብኑ ዐብዱለጢፍ አዝ-ዘቢዲ (ሞቱ 893 ሂጅራ) ናቸው። የ«አል-ቃሙስ አል-ሙሒጥ» ባለቤት አል-ፊሩዛባዲ በ817 ሂጅራ ያረፉት በዘቢድ ነው። ያንኑ መዝገበ ቃላት «ታጅ አል-ዐሩስ» በሚለው ሰፊ ሸርሕ ያብራሩት ሙርተዷ ደግሞ በሕንድ ተወልደው፣ በዘቢድ ተምረው፣ በካይሮ ሲኖሩ ከሁሉም መርጠው «አዝ-ዘቢዲ» ተብለዋል። ከትውልድ ሀገር ይልቅ የተማሩባትን ከተማ መታወቂያ ማድረግ ቀላል ምስክርነት አይደለም። በዚህ ጽሑፍ ዘቢድን ለዚህ ክብር ያበቃት ምን እንደነበረ እናያለን፤ ለመስጊድና ለመድረሳ ኃላፊነት ላለብን ወገኖች የምታስተምረውንም እንመለከታለን።

አመሠራረቷና ሐበሾቿ

ዘቢድ በየመን ምዕራብ፣ ቲሃማ በሚባለው የቀይ ባሕር ጠረፍ ሜዳ ላይ፣ ከባሕሩ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ገባ ብላ ትገኛለች። አካባቢው ከጥንት ጀምሮ የአሽዐሪዮች፣ ማለትም የሶሐባው የአቡ ሙሳ አል-አሽዐሪ (ረ.ዐ.) ነገድ፣ መኖሪያ ነበር። በከተማዋ እምብርት ያለው የአሻዒር መስጊድ ስሙን ያገኘው ከእነርሱ ነው፤ የአካባቢው ትውፊትም መሥራቹ ራሳቸው አቡ ሙሳ እንደሆኑ ይናገራል። ከተማዋ መናገሻ የሆነችው በ204 ሂጅራ (820 እ.አ.አ.) ሲሆን፣ ይህን ያደረጉት የዐባሲያው ኸሊፋ አል-መእሙን የሾሟቸው ሙሐመድ ኢብኑ ዚያድ ናቸው።

የዚያድ ዘሮች ሥልጣን ሲያከትም ከተማዋን የያዙት ነጃሕ የሐበሻ ተወላጅ ነበሩ። ከባርነት ተነሥተው የመሠረቱት የነጃሒዮች መንግሥት ከ1022 እስከ 1158 እ.አ.አ. ዘልቋል። ልጃቸው አሚር ጀያሽ መግዛት ብቻ ሳይሆን የዘቢድን ታሪክ በመጽሐፍ አስፍረዋል፤ የኋለኞቹ ታሪክ ጸሐፊዎችም ከእርሳቸው ቀድተዋል። ስለ ቀይ ባሕር ማዶ የዕውቀት ታሪክ ስናስተምር ሐበሾች የነበራቸው ድርሻ መረሳት የለበትም።

ራሱን የቻለ የመድረሳ ሕንፃ በየመን ሥር የሰደደው በአዩቢዮች ዘመን ነው። በረሱሊዮች ጊዜ (1229–1454 እ.አ.አ.) ደግሞ እጅግ ተስፋፋ። የዘመኑ ታሪክ ጸሐፊ አል-ኸዝረጂ ባቆዩት ዘገባ መሠረት፣ በሱልጣን አል-አሽረፍ ኢስማዒል ዘመን በከተማዋ የተቆጠሩት መስጊዶችና መድረሳዎች ከ200 በላይ ነበሩ። የትምህርቱን ስፋት ለመገመት በዘቢድ ያስተማሩትን የኢብኑል ሙቅሪን (ሞታቸው 837 ሂጅራ) «ዑንዋን አሽ-ሸረፍ» ማየት ይበቃል። መጽሐፉ አግድም ሲነበብ የፊቅህ ኪታብ ነው፤ ዓምዶቹ ወደ ታች ሲነበቡ ግን ዐሩድ፣ የረሱሊዮች ታሪክ፣ ነሕውና ቃፊያ ይወጡታል።

የሕንፃው ጠባይ

ቲሃማ ደለል ያለበት ሜዳ እንጂ የድንጋይ ሀገር አይደለም። ስለዚህ የዘቢድ ሰው የሠራው ከእግሩ ሥር ባገኘው ነው፤ ሸክላውን ጡብ አድርጎ በእሳት አበሰለ፣ ግድግዳውንም በኖራ ለሰነ። ከተማዋን ግንብ ከቧት በአራት በሮች ይገባባት ነበር፤ በሰሜን ባብ ሲሃም፣ በምሥራቅ ባብ አሽ-ሸባሪቅ፣ በደቡብ ባብ አል-ቁርቱብ፣ በምዕራብ ባብ አን-ነኽል። በውስጧ ጠባብ መንገዶች በረጃጅም ግድግዳዎች መካከል ይጠማዘዛሉ። ቤቱ ጌጡን ለመንገደኛ አይዘረጋም፤ የተቀረጸው ጡብና ነጩ ኖራ የሚታዩት ወደ ግቢው ሲገቡ ነው። ዋናው ክፍል «ሙረበዕ» ይባላል፤ ጣሪያው ከፍ ያለ ነው፣ በሩም ወደ ግቢው ይከፈታል።

መስጊዶቹም በዚሁ ጠባይ የተሠሩ ናቸው። ከጥቂቶቹ ታላላቆች በቀር ቀላል የጡብ ሕንፃዎች ናቸው። ዩኔስኮ ዘቢድን በዓለም ቅርስነት ሲመዘግብ 86 መስጊዶች እንዳሏት ገልጿል፤ ከእነዚህ 14ቱ ከረሱሊዮች ዘመን የቆዩ ናቸው። የከተማዋ የዕውቀት ተቋም አንድ ግዙፍ ሕንፃ አልነበረም። በየመንደሩ የተበተኑ፣ ለሰላትም ለቂርአትም የሚያገለግሉ ትናንሽ ቤቶች አንድ ላይ ሲታዩ ነው ዘቢድ የምትታየን።

ከሕንፃው በስተጀርባ ያለው

ጡብና ኖራ ዘላቂ የሚሆኑት ሲጠበቁ ነው። ልስኑ በየጊዜው ካልታደሰ ዝናብና ጨዋማ አየር ይበሉታል። ያን ሁሉ ግድግዳ ለዘመናት ያቆመው ወቅፍ ነው። የረሱሊዮች የወቅፍ ሰነዶች ለሕንፃው ጥገና ብቻ ሳይሆን ለኢማሙ፣ ለሙአዚኑ፣ ለመምህሩ፣ ለደረሳውና ቁርኣን ለሚማሩ የቲሞች የሚደርሰውን ድርሻ ለይተው ይወስናሉ።

የወቅፉ ገቢ ደግሞ ከእርሻ፣ እርሻውም ከዘቢድ ሸለቆ ጎርፍ ይመጣ ነበር። ጎርፉ በቦዮች ይጠለፋል። ቦዮቹ የላይኛ፣ የመካከለኛና የታችኛ ተብለው ተከፍለዋል፤ በጎርፉ ወራት ለእያንዳንዱ ምድብ የተወሰነ ጊዜ አለው። የአካባቢው ሰዎች ይህን ደንብ የሚያያይዙት በ806 ሂጅራ በዘቢድ ካረፉት ከሸኽ ኢስማዒል አል-ጀበርቲ ጋር ነው። ጀበርት የመካከለኛው ዘመን ዐረብ ጸሐፊዎች ለኢፋት ይሰጡት የነበረ ስም ነው። በዚህ ትውፊት መሠረት የዘቢድን እርሻ ያጠጣው ውሃ የሚከፋፈለው ኒስባቸው ከሀገራችን በሆነ ሸኽ ደንብ ነው ማለት ነው። ደንቡ ከተማዋን ከሸለቆዋ፣ ደረሳውንም ከገበሬው ጋር ያስተሳሰረ ነበር።

የዛሬዋ ዘቢድና የእኛ ጉዳይ

ዘቢድ በ1993 እ.አ.አ. በዓለም ቅርስነት ተመዘገበች፤ በ2000 ደግሞ አደጋ ላይ ካሉ ቅርሶች ተርታ ገባች። ከቤቶቿ 40 በመቶ ያህሉ በኮንክሪት ሕንፃዎች እንደተተኩ ዩኔስኮ አስታውቋል። ባለቤቶቹን መኮነን አይገባም፤ ብሎኬት ፈጥኖ ይቆማል፣ ጠጋኝም በየዓመቱ አይጠይቅም። ነገር ግን ጡቡ ሲነሣ ጡብ የማብሰልና የመቅረጽ ሙያው፣ ግቢው፣ ጥላውና የአሠራሩ ትዝታ አብረው ይነሣሉ።

በሀገራችንም አባቶች በጭቃ፣ በድንጋይና በእንጨት የሠሯቸው መስጊዶች ጀማዓው ሲበዛና ጣሪያው ሲያፈስ ፈርሰው በአዲስ ይተካሉ። መስፋት ተገቢ ነው፤ ሰጋጁን ዝናብ ላይ ማቆም ቅርስ መጠበቅ አይባልም። ከማፍረስ በፊት ግን ኢማሞችና ኮሚቴዎች ሦስት ነገሮችን ቢፈጽሙ እንመክራለን። አንደኛ፣ አሮጌውን ቤት መለካትና በፎቶግራፍ ማስቀረት፤ ማን እንደሠራው፣ ማን እንዳስቀራበት ከሽማግሌዎች ጠይቆ መጻፍ። ሁለተኛ፣ ቦታው ከበቃ አዲሱን ከጎኑ ሠርቶ አሮጌውን ለቂርአት መተው። ሦስተኛውና ዋናው፣ ለግንባታ ከሚሰበሰበው ገንዘብ ለመምህሩ መተዳደሪያ፣ ለደረሳው ቀለብና ለጥገና የሚሆን ወቅፍ በጽሑፍ መለየት።

ሦስተኛውን ዋና ያልነው ያለ ምክንያት አይደለም። ሚናራው ረዝሞ መምህሩ ቀለብ ያጣበት መስጊድ መልኩ እንጂ ሥራው አልተሟላም። የዘቢድ መስጊዶች ብዙዎቹ ትናንሽ ነበሩ፤ ነገር ግን በውስጣቸው የሚቀመጠው መምህር የነገ እንጀራው በሰነድ የተጻፈ ነበር። ወላሁ አዕለም።